«ደህና ነኝ» ያለበት ቋንቋ

ቡራዩ በገባሁ ማግስት አከራዮቼ የተኳረፉ መስለውኝ ነበር። ጠዋት ሰርቪስ ክፍሌ በር ላይ ቆሜ ፊቴን ስታጠብ ሽማግሌው ከበረቱ በኩል በኦሮምኛ ይናገራሉ፤ ባለቤታቸው የጎመን መደቡ ላይ እንዳጎነበሱ በአማርኛ ይመልሳሉ። ሽማግሌው እንደገና በኦሮምኛ፣ ባለቤታቸው እንደገና በአማርኛ። እልህ የተጋቡ ነው የሚመስለው። «ወይ ጣጣ! የሰው ጠብ መሀል ነው የገባሁት» ብዬ ሳሙናዬን ይዤ ወደ ውስጥ ልመለስ ስል ሁለቱም አንድ ላይ ከት ብለው ሳቁ። ሲያወሩ የነበሩት ጡት አልይዝም ስላለች ጥጃ ነበር።

ስም አልጠራም። ሽማግሌውን ኦቦ፣ ባለቤታቸውን እትዬ እላቸዋለሁ፤ ያኔም የምጠራቸው እንዲሁ ነበር። እኔ ከተማ ውስጥ ኮሌጅ አስተምራለሁ፤ ከሥራ በኋላ ደግሞ ሁለተኛ ዲግሪዬን እማር ነበር። የጥናቴ ርዕስ ሁለት ቋንቋ ጎን ለጎን በሚኖርባቸው ከተሞች ማን ለማን በምን ቋንቋ እንደሚናገር ነው። ከሰበታ፣ ከሱሉልታና ከቡራዩ አንዱን ምረጪ ስባል ቡራዩን የመረጥኩት፣ እውነቱን ለመናገር፣ ለጥናቱ አስቤ አይደለም። ለአስኮ ታክሲ ስለሚቀርብ ነው። ተመራማሪም ቢሆን ሰልፍ ይሰለቸዋል።

ኦቦ እዚያው ቦታ ላይ ተወልደው ያደጉ ገበሬ ናቸው። እትዬ በልጅነታቸው ከመንዝ ከአክስታቸው ጋር መጥተው የቀሩ ናቸው። ሲጋቡ አንዳቸውም የሌላውን ቋንቋ አይችሉም ነበር። «ጆሮዬ ተማረ፣ ምላሴ ሰነፈ» ይላሉ እትዬ። ወልደው፣ ከብት አርብተው፣ ተጣልተው፣ ታርቀው፣ ከሠላሳ ዓመት በላይ እንዲህ ኖሩ፤ ኦቦ በኦሮምኛ፣ እትዬ በአማርኛ። ኦቦ አማርኛ አይችሉም ማለት አይደለም። ገበያ ላይ በግ ሲሸጡ ሰምቻቸዋለሁ፤ እየተንገዳገዱም ቢሆን ይግባባሉ። ከአጥሩ ወዲህ ግን አንድም ቀን ከአፋቸው አይወጣም። ለምን ብዬ ብጠይቃቸው በራሳቸው ቋንቋ ረጋ ብለው መለሱልኝ። እሷ ስትቆጣ በራሷ ትቆጣ፣ እኔም በራሴ፤ በሰው ቋንቋ የሚጣላ ሰው ሁልጊዜ ተሸናፊ ነው አሉኝ። እትዬ ከጓዳ ሆነው «አይ ምክንያት! ሰውዬው ሰነፍ ነው በይውና እለፊው» ብለው ጮኹ።

መሀል ላይ ልጃቸው ነበር። ታላላቆቹ አግብተው ወጥተዋል፤ እሱ የመጨረሻው ነው፤ ቴክኒክ ኮሌጅ ኤሌክትሪክ ይማራል። ለእናቱ በአማርኛ፣ ለአባቱ በኦሮምኛ፣ ለጓደኞቹ ሁለቱንም ከነእንግሊዝኛው ቀላቅሎ ይናገራል። እራት ላይ አንገቱን ግራና ቀኝ ሲያዞር አንድ ዓረፍተ ነገር ሁለት ቋንቋ ላይ ይገመስና ማንም ልብ አይለውም። ከሁሉ የማይረሳኝ ግን አገባቡ ነው። ገና ከውጭ በሩ «እማ! ራበኝ!» እያለ ነው የሚገባው። እማ ሳይል ገብቶ አያውቅም። እናቱም «ምን ያስጮህሃል፣ ቤቱ እየተቃጠለ ነው?» ይላሉ፤ ሳህኑን ግን ቀድመው አዘጋጅተውታል።

የድምፅ መቅጃዬን ይዤ እየዞርኩ አሰለቸኋቸው። እትዬ አላገጡብኝ። «እስቲ ዛሬ ምን ያዝሽ? ስናስነጥስስ በማን ቋንቋ ነው?» ይሉኛል። ልጁ ደግሞ «ቲቸር፣ የእኛን ቤት ጽፈሽ ዲግሪ ከተሰጠሽ ግማሹ የእኔ ነው» ይላል። ደስ የሚል ቤት ነበር። እንዲህ ብዬ ስጽፍ ራሱ ሆድ ይብሰኛል።

ከዚያ ማስተር ፕላኑ መጣ። አዲስ አበባ ወደ ዙሪያዋ ልትሰፋ ነው ተባለ፤ ማን መሬቱ ላይ ይቀራል፣ ማን ይነሳል፣ የሚያውቅ የለም። ቀያሾች ችካል ተክለው ሄዱ፤ አንዱ የኦቦ ግጦሽ መሀል ላይ ነው። ኦቦ ችካሉን አልነቀሉትም። ላሚቷን እሱ ላይ ማሰር ጀመሩ። ሰበታ ተማሪ ወጣ፣ ሆለታ መንገድ ተዘጋ፣ ሱሉልታ ጥይት ተተኮሰ የሚል ወሬ በየቀኑ ይመጣል። ከወሬው እኩል ደግሞ ሰው አፉን መጠበቅ ጀመረ። ታክሲ ውስጥ ድሮ «ወራጅ አለ» ብሎ የሚጮኸው ተሳፋሪ አሁን የመኪናውን ጣሪያ በእጁ ይመታል። በየትኛው ቋንቋ ብናገር ማን ምን ይለኛል ብሎ ነው። እኔም እመታ ነበር። ለጥናቴ ጥሩ ማስረጃ ነው ብዬ ልጽፈው እስክሪብቶ አነሳሁና ራሴን ጠላሁት። ምን አባቱ! ሰው ፈርቶ ዝም ሲል እኔ ማስረጃ እለቅማለሁ?

አንድ ማክሰኞ ጠዋት ወደ ሥራ ልሄድ ቦርሳዬን አንግቼ ስወጣ የታጠቁ ሰዎች ግቢው ውስጥ ቆመዋል። ባለፈው ቀን የቴክኒክ ኮሌጁ ተማሪዎች ሰልፍ ወጥተው ስለነበር ልጆቹን ከየቤቱ እየጠየቁ ነው። አዛዡ ወጣት ነው፤ አባቱን የሚያክሉትን ኦቦን «ልጅህ የት ነው?» አላቸው። አንተ እያለ! ኦቦ ግን አልተቆጡም። እጃቸው ላይ የነበረውን የሣር እቅፍ እንደያዙ «መነ ጅራ» አሉት። ቤት አለ ማለታቸው ነው። አልዋሹም፤ አልደበቁም። በአማርኛ ሲጠየቁ በኦሮምኛ መመለስ በዚያ ግቢ የሠላሳ ዓመት ወግ ነው። እትዬ ሲያናግሯቸው እንደሚመልሱት መለሱለት፤ ሌላ ነገር አላሰቡም።

ሰውየው ግን ንቀት መሰለው። «የምጠይቅህን ሰምተሃል አይደል? በምሰማው መልስልኝ!» አለ። እትዬ ከደጃፉ ሆነው «ቤት አለ ነው ያሉህ እኮ!» ብለው ጮኹ። «አንቺን ማን ጠየቀሽ? እሱ ይናገር!» አላቸው። እኔም «እሳቸው ልማዳቸው ነው፣ እዚህ ቤት—» ብዬ ስጀምር አንዱ ወደ ክፍልሽ ግቢ ብሎ ገፈተረኝ። ኦቦ ግራ ተጋብተው ባለቤታቸውን ያያሉ። ሰውየው ለምን እንደተቆጣ የገባቸው አልመሰለኝም። ድጋሚ ቀስ ብለው፣ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ ለማይሰማ ሰው እንደሚያስረዱ ዓይነት «መነ ጅራ» አሉ። ሰውየው በጥፊ መታቸው። የያዙት ሣር ተበተነ።

ልጁ ከቤት ወጣ። እንዴት እንደደረሰ አላየሁም፤ የሰውየውን እጅ ይዞታል። መያዝ ብቻ ነው፤ አልመታውም። ከዚያ በኋላ ማን ምን ይሰማል? እየጎተቱ ሲያወጡት «እማ፣ አይዞሽ!» እያለ ነው የሄደው። እትዬ ባዶ እግራቸውን እስከ አስፋልቱ ተከተሉት።

ጠይቀው ብቻ ሊሄዱ ነበር ያሉ ጎረቤቶች አሉ፤ ለማንኛውም ይወስዱት ነበር ያሉም አሉ። ማን ያውቃል። ኦቦ ግን ለራሳቸው ፈርደው ጨርሰዋል። ልጄን ያስያዝኩት እኔ ነኝ፣ ምላሴ ነች አሉ። ከዚያ ቀን ጀምሮ በግቢያቸው ውስጥ አማርኛ መናገር ጀመሩ። ለሚመጣ ለሚሄደው ሁሉ፣ ለውሃ ቆጣሪ አንባቢው፣ ለእኔ፣ ለባለቤታቸውም። ያቺን የገበያ አማርኛቸውን እየፈለጉ፣ ላብ እያላባቸው። እትዬን «አንተ በላህ?» ይሏቸዋል። እትዬ መጀመሪያ ቀን ሳቃቸው አመለጣቸው። «ስንት ዘመን ዝም ብሎ ቆይቶ ወንድ አደረገኝ እኮ!» አሉኝ። ቀጥለው ደግሞ በነጠላቸው ፊታቸውን ሸፍነው አለቀሱ። «ተው በይው እስቲ» አሉኝ፤ «ተናገርልኝ በአፍህ፣ በገዛ አፍህ በይው። ቤቴ የሰው ቤት መሰለኝ።» ነገርኳቸው። ኦቦ አንገታቸውን ነቅንቀው «እሺ» አሉኝ፤ በአማርኛ።

ልጁ የታሰረበት ቦታ ሲታወቅ ቅዳሜ ቅዳሜ ጉብኝት ተፈቀደ። አንድ ሕግ ነበረው፤ ዘበኛው እንዲሰማ በአማርኛ ብቻ ነው የሚወራው። ኦቦ አንድ ጊዜ ሄደው ልጃቸው ፊት ቆመው ምንም ሳይሉ ተመለሱ። አማርኛው ጠፋባቸው። ከዚያ በኋላ የሚሄዱት እትዬ ብቻቸውን ሆኑ። አንዳንድ ጊዜ አብሬያቸው እሄድ ነበር። ሽቦው ማዶ ይቆማል፤ ከስቷል፤ ሸሚዙን እስከ አንገቱ ቆልፎታል። እትዬ «እንዴት ነህ ልጄ?» ይሉታል። «ደህና ነኝ እማ» ይላል። «ይርብሃል?» «ደህና ነኝ።» «ብርዱስ?» «ደህና ነኝ እማ፣ አታስቢ።» ዘበኛው መሀል ላይ ቆሞ ጥርሱን በእንጨት ይጎረጉራል። ስንመለስ እትዬ ታክሲ ውስጥ ፊታቸው ፈክቶ «ድምፁ ደህና ነው አይደል? እማ ሲለኝ ሰምተሻል?» ይሉኛል። ሰምቻለሁ እትዬ፣ እላለሁ። ሳምንቱን ሙሉ የሚኖሩት በዚያች ነበር።

ክረምቱ ሊወጣ ሲል ለቀቁት። እትዬ በግ አሳረዱ፤ ጎረቤት ተሰበሰበ። ልጁ በውጭ በሩ ገባ፤ ዝም ብሎ ገባ። እናቱ አንገቱ ላይ ተጠምጥመው «ልጄ፣ ልጄ፣ እንኳን ለዚህ አበቃህ» ሲሉ እሱ በኦሮምኛ መለሰላቸው። «ሃርሜ» አላቸው፤ እናቴ ማለት ነው። ሰው በዝቶ ነው ብለን አለፍነው። በማግስቱም በኦሮምኛ፣ በሦስተኛውም በኦሮምኛ። እትዬ በአማርኛ ይጠይቃሉ፤ እሱ በአባቱ ቋንቋ ይመልሳል። ረጋ ብሎ ነው፤ ስድብ የለው፣ ቁጣ የለው። አማርኛ የሚባል ነገር ግን ከአፉ ጠፋ። እማም አብሮ ጠፋ።

እትዬ ሁሉንም ይሰማሉ፤ አንዲት ቃል አታመልጣቸውም። ነገሩ የመስማት አልነበረም። «ሃርሜ ሲለኝ ዞር ብዬ ማየት ያምረኛል» አሉኝ አንድ ቀን፤ «የማንን እናት ነው የሚጠራው?» የጎረቤት ወሬ ደግሞ አለ። አንዷ ልጅሽ አሁን ገና ዘሩን አወቀ አለቻቸው፤ ሌላዋ ከቤተ ክርስቲያን ሲመለሱ ጠብቃ ልጅሽ ካደሽ አይደል አለቻቸው። ሁለቱም እያዘኑላቸው እኮ ነው! እትዬ ለማናቸውም አልመለሱም። ክፍሌ መጥተው አልጋዬ ጫፍ ላይ ተቀመጡና «ልጄ ጠላኝ» አሉ። «የእነዚያ ሰዎች ቋንቋና የእኔ አንድ ስለሆነ ጠላኝ። ምን ላድርግ፣ ሌላ እናት ልሁንለት?»

አንጀቴ አልቻለም። ልጁን ከበረቱ ጀርባ ለብቻው አገኘሁትና ጮህኩበት። «እናትህ ምን አደረገችህ? ለስንት ቅዳሜ ስንቅ ያመላለሰችው ማን ሆነችና ነው? መታችህ? አሰረችህ?» አልኩት። እስክጨርስ ጠበቀኝ። ከዚያ ተናገረ። የነገረኝ በኦሮምኛ ነው፤ እኔ በአማርኛ ስጽፈው ደስ አይለኝም፣ ግን ሌላ መጻፊያ የለኝም።

«እዚያ ሁሉንም የጠየቁኝ በአማርኛ ነው» አለኝ። «ያላደረግኩትን አድርጌያለሁ ያልኩት በአማርኛ ነው። የማላውቀውን ሰው አውቀዋለሁ ያልኩት በአማርኛ ነው። ቅዳሜ ሲሆን ሃርሜ ትመጣለች፤ ሸሚዜ ከጀርባዬ ቁስል ጋር ተጣብቋል፣ እኔ ደህና ነኝ እላታለሁ። ከዘበኛው ፊት ሌላ ምን ልበላት? አሁን በዚያ ቋንቋ አፌን ስከፍት ሌላ ነገር አይወጣኝም። እሷን ሳያት ደህና ነኝ ልል ነው የሚዳዳኝ። ከእንግዲህ ልዋሻት አልፈልግም።»

የግርግሙ ጠርዝ ላይ ተቀመጥኩ። ሸሚዙ አሁንም እስከ አንገቱ ተቆልፏል፤ በዚያ ፀሐይ! «ታዲያ ይህን ለምን አትነግራትም?» አልኩት። «ቅዳሜዎቿን ልቀማት?» አለኝ። እንዳልናገርበት አስማለኝ። አየሁት፤ እናቱን ለማጽናናት አፌን ብከፍት የማጽናናበት ነገር ራሱ ይገድላቸዋል። ዝም አልኩ። እግዜር ያሳያችሁ፣ ቋንቋ አጥኚ ብለው የላኩኝ ሴትዮ፣ በሁለት ቋንቋ ዝም አልኩ።

እትዬ ግን ሞኝ አልነበሩም። ከጥቂት ቀን በኋላ መጥተው በሬን ዘጉና «ካንቺስ ጋር በምንድነው የሚያወራው?» አሉኝ። «በኦሮምኛ ነው እትዬ።» «ካንቺም?» «ከእኔም።» የነጠላቸውን ጫፍ ጠቀለሉ፣ ፈቱ። «እንግዲያስ ጥላቻ አይደለም» አሉ። «አንቺን ምን ብሎ ይጠላል? አንድ ነገር አለ፤ በአማርኛ የማይነግረኝ ነገር አለ።» ፊቴን እንዳያነቡት ወደ መጽሐፎቼ ዞርኩ። ከኋላዬ «በይ ይህችን ምላሴን አስተምሪልኝ» አሉኝ።

ጉድ እኮ ነው። የአዲስ አበባ ልጅ፣ ኦሮምኛን ከመጽሐፍና ከመቅጃ የለቀምኩ፣ ዕድሜ ልካቸውን ሲሰሙት ለኖሩ ሴት ላስተምር! ቃሉን ሁሉ ያውቃሉ፤ ሲናገሩት ግን እንደ ሙሽራ ያፍራሉ። ወደ ግድግዳው ዞረው ነው የሚለማመዱት። ባላቸው እንኳ እንዳይሰሙ ሬዲዮዬን ከፍ አደርጋለሁ። ብዙ አልፈለጉም፤ አንድ ጥያቄ ነው። «ነጋ ጅርታ?»፤ ደህና ነህ ወይ። ከዚያ እሱ ደህና ነኝ ሲል የሚሉትን ደግሞ አስጠናኋቸው፤ «ገለተ ዋቃዮ»፣ አምላክ ይመስገን። እሱን ቶሎ ያዙት፤ እየደጋገሙ፣ ደስ እያላቸው። «ይህችስ ለምላስ ትጣፍጣለች» አሉኝ።

አንድ እሁድ ከሰዓት ልጁ ከበራቸው ፊት ያለው አግዳሚ ላይ ተቀምጦ የተበላሸ ምድጃ ሽቦ ይቀጥል ነበር። ኦቦ ችካሉ ላይ ያሰሯትን ላም ሊፈቱ ወርደዋል። እኔ በሬ ላይ ልብስ አሰጣለሁ። እትዬ ወጡ፤ ፀጉራቸውን አስተካክለው፣ የበዓል ነጠላቸውን ለብሰው። ፊት ለፊቱ ቆሙ። ልጁ ቀና አለ።

«ነጋ ጅርታ?» አሉት።

ሽቦው ከእጁ ወደቀ። እናቱ በዚያ ቋንቋ ሲናገሩ በሕይወቱ ሰምቶ አያውቅም። አያቸው። ዘበኛ የለ፣ ሽቦ የለ፣ ቅዳሜ አይደለ።

«ላኪ» አለ። አይ፣ ደህና አይደለሁም ማለቱ ነው። «ላኪ፣ ሃርሜ።»

እጁን ወደ አንገቱ ሰድዶ የሸሚዙን የላይኛውን ቁልፍ ፈታ። ቀጥሎ ሁለተኛውን።

እትዬ አፋቸውን ከፈቱ። አፋቸው ላይ ተዘጋጅቶ የነበረው ምስጋናው ነው፤ ከንፈራቸው ጀመረውና ቆመ። ከጎኑ ተቀመጡ፤ ነጠላቸውን ጀርባው ላይ ጣል አደረጉለት። ሌላ ቃል አላስጠናኋቸውም ነበር።